ሱፐርማን 2፦ የሌስተር ወይስ የዶነር?

ሪቻርድ ዶነር የመጀመሪያውን ሱፐርማንና ተከታዩን አንድ ላይ ይቀርጽ ነበር። ከፕሮዲዩሰሮቹ ጋር አልተስማማምና ተባረረ። ሪቻርድ ሌስተር ተተክቶ ብዙውን እንደገና ቀረጸ። እ.ኤ.አ. በ1980 ለሲኒማ የበቃው የእሱ ነው፤ ተመልካችም ተቺም ወደደው። የዶነር ቅጂ የወጣው ግን በ2006 ነው።

ትልቁ ልዩነት አባትየው ነው። ሌስተር ጋ አባቱን የሚጫወተው ማርሎን ብራንዶ የለም፤ ሱፐርማን የሚያማክረው እናቱን ነው። ጠፍቶ የነበረው ኃይሉ እንዴት እንደተመለሰም በወጉ አናይም። ዶነር ጋ ልጁ ተደብድቦ፣ ተዋርዶ ይመጣና አባቱን ይጣራል። አባትየው የቀረችውን ኃይል በእጁ ነክቶ ይሰጠውና ለዘላለም ይጠፋል። አንጀት ይበላል! ለዚህ ትዕይንት ብቻ ስል የዶነርን እመርጣለሁ።

ጋዜጠኛዋ ሎይስ ክላርክ (ሱፐርማን በሰው መካከል ሲኖር የሚጠራበት ስም) ሱፐርማን መሆኑን የምታውቅበትም መንገድ ይለያያል። ሌስተር ጋ እጁ እሳት ውስጥ ገብቶ ሳይቃጠል ታያለች። ዶነር ጋ ሽጉጥ ትተኩስበታለች፤ ማንነቱን ካመነላት በኋላ ግን ጥይቱ ባዶ እንደነበር ትነግረዋለች። ድንቅ ሐሳብ ነው። ትዕይንቱ የተወሰደው ከተዋናዮች መፈተኛ ቀረጻ ስለሆነ ሱፐርማንን የሚጫወተው የክሪስቶፈር ሪቭ ጸጉር መሀል ላይ ይቀያየራል።

የዶነር መጨረሻ ግን አልጣመኝም። ጊዜን ወደኋላ መመለሱ ከመጀመሪያው ፊልም የተደገመ ነው። እዚህ ላይ ሌስተር ይበልጣል፤ ሱፐርማን ሎይስን ስሞ ሁሉን ያስረሳታል።