ባለ ሦስት መጠኑ የፓይ ማጠፊያ፦ ከ5 ኮከብ 3

ይህን የፕላስቲክ ማጠፊያ የገዛሁት ለሳምቡሳ አይደለም። ሳምቡሳ በእጅ ካልታጠፈ አይጥመኝም፤ ግትርነት ነው ብትሉኝም አልከራከርም። የገዛሁት እዚህ ጆርጂያ ሰዉ የሚወደውን፣ በዘይት የሚጠበሰውን የግማሽ ጨረቃ ቅርጽ ያለው የፍራፍሬ ፓይ ቤቴ ለመሥራት ነው። አትላንታ የምትኖሩ፣ ከ1928 ጀምሮ የሚሠራውን የቫርሲቲ ምግብ ቤት የኮክ ፓይ ሳትቀምሱት አትቀሩም። ችግሩ ጾም ሲገባ ነው። በደቡቡ የአሜሪካ ክፍል በቀደመው ልማድ ሊጡ የሚለወሰው በአሳማ ስብ ነው፤ አሬራ የሚጨምሩበትም ብዙ ናቸው። በፍልሰታ ፓይ ያማረው ሰው እንግዲህ ራሱ ያቡካ።

ዕቃው መሀሉ ላይ የሚታጠፍ ክብ ፕላስቲክ ሲሆን ጠርዙ ጥርስ አለው፤ ጀርባው ደግሞ ሊጡን ክብ አድርጎ ይቆርጣል። ትልቁ 15 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው፤ ጠርዙን ግጥም አድርጎ ስለሚዘጋ ለገንዘቤ ያልቆጨኝ በእሱ ነው። መካከለኛው ለልጆች ምሳ ዕቃ ይሆናል። ትንሹ ለምን እንደተሠራ ግን አልገባኝም። ሙሌቱ ከአንድ የሻይ ማንኪያ ስለማያልፍ ከጠበሳችሁት በኋላ የምትበሉት ሊጥ ብቻ ነው። አሁን ልጄ ጭቃ ትጋግርበታለች፤ እሷ ስለ እሱ ቅሬታ የላትም።

ሊጡ እንደ ሳምቡሳ ከሳሳ ጥርሱ ይበጥሰዋል። 3 ሚሊ ሜትር ውፍረት ላይ መዳመጡን አቁሙ፤ ፕላስቲኩንም በየጊዜው ዱቄት ነስንሱት፤ አለዚያ ሊጡ ተጣብቆ ሲላቀቅ ይቀደዳል።

ከማጠፊያው ይልቅ ያናደደኝ አብሮት የመጣው ወረቀት ነው። ትኩስ ኮክ ክተፉና እስከ አፉ ሙሉት ይላል። ይህን የጻፈው ሰው የጋለ ዘይት ፊት ቆሞ የሚያውቅ አይመስለኝም። ትኩስ ፍሬ ሙቀት ሲያገኘው ውሃውን ይለቃል፤ ውሃው እንፋሎት ሆኖ ጠርዙን ይከፍታል፤ ጭማቂው ዘይቱ ውስጥ ሲገባ ዘይቱ ይፈናጠራል፤ ስኳሩም መጥበሻው ላይ ያርራል። የአገሩ ባለሙያዎች የደረቀ ፖምና የደረቀ ኮክ የሚመርጡት በብርዱ ወራት ትኩስ ፍሬ ስለማይገኝ ብቻ አይደለም። ደርቆ የተቀቀለ ፍሬ ወፍራም ሆኖ ይቀመጣል፤ ጣዕሙም የተጠራቀመ ነው።

እኔ የደረቀ ኮክ የምገዛው ዲኬተር አጠገብ ካለው ከትልቁ የዲካልብ ገበያ ነው። ደማቅ ብርቱካናማ የሆነው ቀለሙን እንዲጠብቅ ሰልፈር ዳይኦክሳይድ የገባበት ነው፤ ያልገባበት ይጠቁራል። ለዓይን ባይማርክም እኔ የጠቆረውን እመርጣለሁ። 250 ግራም ያህሉን ውሃ አልብሼ በቀስታ እሳት እስኪልም እቀቅላለሁ፤ ከዚያ እፈጨውና ሲሶ ኩባያ ስኳር፣ ትንሽ ቀረፋና የግማሽ ሎሚ ጭማቂ ጨምሬ ማንኪያ ሲገለበጥ የማይወድቅ እስኪሆን አደርቀዋለሁ። ሙሌቱ ሳይቀዘቅዝ ሊጥ አይንካ። ለሊጡ 3 ኩባያ ፉርኖ ዱቄት፣ ግማሽ ኩባያ የሚረጋ የአትክልት ዘይት፣ ጨውና በረዶ የመሰለ ውሃ ይበቃል። በትልቁ ማጠፊያ ከ2 የሾርባ ማንኪያ በላይ ሙሌት አትጨምሩ። ዘይቱ 180 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ይሁን፤ ሲቀዘቅዝ ሊጡ ዘይት ይጠጣል፣ ሲግል ውጩ ጠቁሮ ውስጡ ጥሬ ይቀራል። ቴርሞሜትር ግዙ፤ ከማጠፊያው በፊት እንኳ ቢሆን።

ለዝክር ፓይ ስንሠራ የማኅበራችን አንዲት እናት ዕቃውን ሲያዩ፣ «አንቺ ልጅ፣ እግዜር እጅ ሰጥቶሽ ፕላስቲክ ትገዢ?» አሉኝ። ወዲያው ሹካ አንሥተው ጠርዙን ዙሪያውን እየተጫኑ ዘጉት። የአገሩ ሴቶችም የሚዘጉት እንዲሁ በሹካ ነው። እውነት ለመናገር የእሳቸው አንዱም አልተከፈተም፤ በመልክም ከእኔ ይበልጥ ነበር። «እስቲ ይሞክሩት፣ እትዬ» ብዬ ማጠፊያውን አቀበልኳቸው። ዝክሩ ብዙ ሰው የሚበላበት ስለነበር የሊጡ ክምር ግማሽ ሳይደርስ አንጓቸውን ማሸት ጀመሩ፤ ከዚያ በኋላ ግን ማጠፊያውን ከእጃቸው ማስጣል አልተቻለም። እኔ ሹካውን ይዤ ቀረሁ።

ስለዚህ ለአራትና ለአምስት ሰው የምትሠሩ ከሆነ ሹካ ይበቃችኋል። ለማኅበር፣ ለልደት ወይም ለሽያጭ ከሆነ ግን ትልቁ ማጠፊያ ጊዜም አንጓም ያተርፋል። አንድ ኮከብ የቀነስኩት ለትንሹ፣ ሌላውን ለወረቀቱ ነው። በዕቃ ማጠቢያ ማሽን ውስጥም አትክተቱት፤ የእኔ መታጠፊያው ላይ ነጣ ነጣ ማለት ጀምሯል፣ መሰንጠቁም አይቀርም። ለብ ባለ ውሃና በጥርስ ብሩሽ ጥርሶቹን ፈልፍሎ ማጠብ ይሻላል፤ እዚያ የደረቀ ሊጥ በቀላሉ አይለቅም። ትልቁን ለብቻው የሚሸጥ ካገኛችሁ እሱን ግዙ፣ ለእኔም ንገሩኝ።