በዱቤ የተገዛ ሞት፦ «የአሮጊቷ እመቤት ጉብኝት»ን ጅማ ላይ ስናነበው

የመንደር ምስጢርና የበቀል ታሪክ ያለባቸውን ልብ አንጠልጣይ መጻሕፍት የምንወድ ሰባት ሰዎች ጅማ ውስጥ በየሁለት ሳምንቱ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ቡና ላይ ተሰብስበን ባነበብነው ላይ እንወያያለን። ባለፉት ሁለት ቅዳሜዎች የተወያየንበት ሥራ የስዊዘርላንዳዊው ደራሲ የፍሪድሪክ ዱረንማት «የአሮጊቷ እመቤት ጉብኝት» ነው። በፈረንጆች አቆጣጠር በ1956 ዙሪክ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየ ባለ ሦስት ገቢር ተውኔት እንጂ ልብ ወለድ አይደለም፤ ይሁን እንጂ የሰውን ልቡና ከውስጥ እየቦረቦረ በሥጋት በመያዝ ረገድ እስካሁን ካነበብናቸው ልብ ወለዶች የሚስተካከለው አላገኘሁም። ፍጻሜውን ሳልገልጥ የእኔንም የጓደኞቼንም አስተያየት እነሆ።

ጉለን የምትባለው ትንሽ ከተማ ፋብሪካዎቿ ተዘግተው፣ ነዋሪዎቿ በችግር ተቆራምደው፣ ፈጣን ባቡሮች እንኳ ሳይቆሙባት የሚያልፏት ሆናለች። ከአርባ አምስት ዓመት በፊት ተዋርዳ የወጣችው ክሌር ዛካናሲያን በዓለም ላይ አቻ የሌላት ባለጸጋ ሆና ትመለሳለች፤ የምትወርደውም የአደጋ ጊዜውን ፍሬን ስባ ፈጣኑን ባቡር በማስቆም ነው። ከጓዟ መካከል ባዶ የሬሳ ሣጥን አለ። ለከተማዋ ግማሽ ቢሊዮን፣ ለየቤተሰቡ የሚከፋፈል ደግሞ ሌላ ግማሽ ቢሊዮን እሰጣለሁ ትላለች፤ በምላሹም የምትጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የወጣትነት ወዳጇ የነበረው ባለ ሱቁ አልፍሬድ ኢል እንዲገደልላት።

ምስጢሩ የሚወጣው እዚሁ ላይ ነው። በ1910 ክሌር አርግዛ ኢልን የልጄ አባት ነው ብላ ፍርድ ቤት ስታቆመው፣ እርሱ ክዶ ሁለት ሰዎችን በአንድ ሊትር አረቄ ገዝቶ በሐሰት አስመስክሮባታል። ልጅቱም ከነጽንሷ በክረምት ብርድ ከከተማዋ ወጣች፤ የተወለደችው ሕፃን ዓመት ብትኖር ነው፤ እናቲቱም ሴተኛ አዳሪ ሆነች። ያን ጊዜ የፈረዱባት ዳኛ ዛሬ የእርሷ አሽከር ናቸው፤ የሐሰት ምስክሮቹንም አንዱን ከካናዳ፣ ሌላውን ከአውስትራሊያ አሳድና አስይዛ ዓይናቸውን አጥፍታ፣ ሰልባ፣ ከኋላዋ እየነዳች ታዞራቸዋለች። «የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም» የምንለው ነገር እዚህ ሥጋ ለብሶ በሰው ፊት ይቆማል።

የከተማዋ ከንቲባ ጥያቄውን በክብር ውድቅ ያደርጋሉ፤ ሕዝቡም ያጨበጭባል። ክሌር የምትሰጠው መልስ እጠብቃለሁ የሚል ብቻ ነው። ከዚያ በኋላ የሚመጣው ሁለተኛው ገቢር የሥራው ሁሉ እምብርት ስለሆነ ጠለቅ ብዬ ላየው እወዳለሁ።

በሁለተኛው ገቢር ማንም ቢላዋ አይመዝም፣ ማንም አይዝትም። ሰዎች ወደ ኢል ሱቅ እየገቡ ዕቃ ይገዛሉ፤ ያ ብቻ ነው። ትናንት ተራ ትምባሆ ይገዛ የነበረው ዛሬ የተሻለውን ይጠይቃል፤ ሴቶቹ ወተት፣ ቅቤ፣ ነጭ ዳቦና ቸኮሌት ያነሣሉ፤ ሁሉም በአንድ ቃል ዱቤ ላይ ጻፈው ይላሉ። ኢልም መጀመሪያ ደስ ብሎት ይጽፋል። ቆይቶ ግን ወደ ደንበኞቹ እግር ዝቅ ብሎ ሲያይ ሁሉም አዲስ ቢጫ ጫማ አድርገዋል። በምን ሊከፍሉት እንዳሰቡ ያን ጊዜ ይገባዋል።

ከመካከላችን አንዱ እዚሁ ጅማ፣ መርካቶ ሱቅ አለው። በሁለተኛው ቅዳሜ የራሱን የዱቤ መዝገብ ይዞ መጥቶ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋው፤ ማዕዘኖቹ የተጠቀለሉ፣ ዘይት የነካው ሰማያዊ ደብተር ነው፤ በየገጹ አናት ላይ የደንበኛው መጠሪያ፣ ከሥሩ ስኳርና ሳሙና፣ የተከፈለው ላይ ደግሞ አግድም መስመር ተሰምሮበታል። ከክረምቱ መግቢያ አንሥቶ ቡና ተለቅሞ እስኪሸጥ ድረስ ገጾቹ ያለ ስረዛ እንደሚሞሉ፣ ቡና ሲሸጥ ግን በአንድ ሳምንት ውስጥ ሁሉም ገጽ መስመር በመስመር እንደሚሆን አሳየን። «እኔ ዱቤ ስሰጥ ቡናው ዛፉ ላይ እንዳለ ዐውቃለሁ» አለ፤ «ኢል ግን ደንበኞቹ የሚጠብቁት ምርት እርሱ ራሱ መሆኑን እያወቀ መጻፉን ቀጠለ። ያንን ገጽ ሳነብ እጄ ቀዘቀዘ።» ዱቤ የመተማመን ምልክት በሆነበት እንደኛ ባለ አገር ይህ ገቢር ከየትኛውም ቦታ ይልቅ የሚያስደነግጥ ይመስለኛል፤ ምክንያቱም ደራሲው ወንጀሉን የደበቀው ጎረቤት ለጎረቤት ከሚያደርገው የዘወትር መተሳሰብ ውስጥ ነው።

ኢል ተስፋ ቆርጦ ወደ ፖሊሱ ይሄዳል፤ ፖሊሱ አዲስ የወርቅ ጥርስ አስተክሏል። ወደ ከንቲባው ይሄዳል፤ ከንቲባው አዲስ ጫማና አዲስ ከረባት አድርገው ጥሩ ሲጋራ ያጨሳሉ። በመጨረሻ ቄሱ ዘንድ ይሄዳል፤ ለቤተ ክርስቲያኑ አዲስ ደወል ተገዝቷል፤ ድምፁም ይሰማል። በዚህ ጊዜ ቄሱ ሽሽ፣ በመካከላችን ሆነህ አትፈትነን ብለው ይጮኻሉ። ከባለሥልጣናቱ ሁሉ እውነቱን ፊት ለፊት የነገሩት እርሳቸው ብቻ ናቸው፤ ደወሉ ግን ተገዝቷል። በጣቢያው ላይ የሚሆነውን፣ ኢል ሻንጣውን ይዞ ባቡሩ ፊት ሲቆምና የከተማው ሰው ሊሸኘው ሲከበው ያለውን ትዕይንት አልተርክም፤ ማንም ሳይነካው መንቀሳቀስ ያቃተውን ሰው እንዲህ አድርጎ የሳለ ጽሑፍ አላነበብኩም።

ክርክራችን የከረረው ጥፋተኛው ማን ነው በሚለው ላይ ነበር። ሆስፒታል ውስጥ በነርስነት የምትሠራው እኅታችን እስከ መጨረሻው ከክሌር ጋር ቆመች፤ አንዲት ሴት በአንድ ሊትር አረቄ ሕይወቷ ሲበላሽ ዝም ያለ ከተማ ዛሬ ስለ ሰብአዊነት ሊያስተምራት መብት የለውም ትላለች። የሕግ ተማሪው በበኩሉ የክሌር በደል እውነት ቢሆንም ፍትሕን በገበያ ዋጋ የገዛች ቀን በ1910 ኢል ካደረገው የተለየ ነገር እንዳላደረገች፣ አረቄው በቢሊዮን መተካቱ ብቻ ልዩነቱ እንደሆነ ተከራከረ። ይህ አስተያየት እውነትነቱ ከበደኝ፤ ሁለቱም ምስክር ገዝተዋል፤ እርሷ የገዛችው መላውን ከተማ ነው።

ሁላችንም ጋሼ የምንላቸው፣ ሰኮሩ ተወልደው ያደጉ አዛውንት ለረጅም ጊዜ ዝም ብለው ካዳመጡ በኋላ «ሽማግሌዎቹ የት አሉ?» ብለው ጠየቁ። በኦሮሞ ባህል ደም ሲፈስ በጉማ ሥርዓት ሽማግሌዎች በሁለቱ ወገኖች መካከል እንደሚገቡ፣ መጀመሪያ በዳዩ ጥፋቱን እንደሚያምን፣ ከዚያ ካሣው እንደሚቆረጥና ዕርቁ በሥርዓት እንደሚታሰር አስረዱን። «እዚህ ታሪክ ውስጥ ካሣ ተቆርጧል፣ ግን ሸንጎ አልተቀመጠም፤ ያለ ሸንጎ የተቆረጠ ካሣ የደም ዋጋ ሳይሆን የደም ግዢ ነው» አሉ። በእርግጥም ኢል በሦስተኛው ገቢር ጥፋቱን ያምናል፤ ክሌርን ዛሬ የሆነችውን ያደረጋት እርሱ ራሱ መሆኑን ይቀበላል። ነገር ግን ቃሉን የሚቀበል ሽማግሌ ቀርቶ የሚሰማ ጎረቤት እንኳ አልቀረለትም። ከንቲባው ጥይት የጎረሰ ጠመንጃ አምጥተው ራሱን በራሱ እንዲያጠፋ ፍንጭ ሲሰጡት፣ ፍርዱን ራሳችሁ ስጡ፣ እኔ አላቀልላችሁም የሚል መንፈስ ባለው መልስ ይመልሳቸዋል። በእኔ አስተያየት ሰውየው ለመጀመሪያ ጊዜ የሚከበረው በዚህች ሰዓት ነው፤ ነርሷም ይህን ክፍል ስናነብ «እዚህስ አዘንኩለት» ብላለች።

የልብ አንጠልጣይ ጽሑፍ ወዳጅ የሆነ ሁሉ ደግሞ የመጀመሪያውን ገቢር ሁለት ጊዜ እንዲያነበው እመክራለሁ። ክሌር ከባቡር እንደወረደች ለአቀባበል ከመጡት ሰዎች ጋር የምታደርገው ወሬ በመጀመሪያ ንባብ የባለጸጋ አሮጊት ዛዛታ ይመስላል። ፖሊሱን አንዳንዴ ዓይንህን ትጨፍናለህ ወይ ትለዋለች፤ ሐኪሙን የሞት ምስክር ወረቀት ስትሞላ የልብ ድካም ብለህ ጻፍ ትለዋለች፤ ጡንቻውን የሚያሳያትን ስፖርተኛ ደግሞ ሰው አንቀህ ታውቃለህ ብላ ትጠይቀዋለች። ሁሉም ይስቃሉ። ወደ ኋላ ተመልሰን ስናነበው ግን አንዳችንም አልሳቅንም። በሦስተኛው ገቢር የከተማዋን ድህነት ምንጭ በተመለከተ የሚገለጠው ሁለተኛ ምስጢር ደግሞ ያነበብነውን ሁሉ ስለሚገለብጠው ለአንባቢው እተወዋለሁ።

ጉድለት አለው። ክሌር ባል በባል ላይ እየቀያየረች የምትታይባቸው ክፍሎች ፍጥነቱን ይሰብራሉ፤ ከሰባታችን አራታችን እነዚያን ገጾች በችኮላ አልፈናቸዋል። የከተማው ሰዎች ቅርንጫፍ ይዘው የደኑን ዛፎች ሆነው የሚቆሙበትም ትዕይንት መድረክ ላይ ውብ ሊሆን ይችላል፤ በወረቀት ላይ ግን ለማሰብ ያስቸግራል። እትዬ የምንላቸው ጡረተኛ መምህርት ግን አልተስማሙም፤ የዚያኑ ደን ክፍል፣ ሁለቱ የቀድሞ ፍቅረኞች አንዱ ሞት ደጋሽ፣ ሌላው ተደጋሽ ሆነው ጎን ለጎን ተቀምጠው የድሮውን የሚያነሡበትን፣ ከሁሉ አስበልጠው ወደውታል። «ባትወደው ኖሮ አርባ አምስት ዓመት ባልጠበቀች» አሉ። ይህን ካሉ በኋላ እኔም ደግሜ አነበብኩት፤ ልክ ናቸው።

መጽሐፉን ለሚፈልጉ አንድ ጠቃሚ ነገር ልጨምር። ያነበብነው በእንግሊዝኛ ትርጉም ነው፤ በመጀመሪያው ቅዳሜ ግማሾቻችን ባለ ሱቁን ኢል፣ ግማሾቻችን ሺል እያልን ግራ ተጋብተን ነበር። ምክንያቱ ሁለት የተለያዩ ትርጉሞች መኖራቸው ነው፤ የሞሪስ ቫለንሲው ለአሜሪካ መድረክ እንዲስማማ ብዙ ነገር የተለወጠበትና ስሙም የተቀየረበት ሲሆን፣ የፓትሪክ ቦውልስ ግን ለዋናው የጀርመንኛ ጽሑፍ የቀረበ ነው። ምርጫ ያለው ሰው ሁለተኛውን ይያዝ። በ1964 የተሠራውን ፊልም ደግሞ መጽሐፉን ሳያነብ ማንም እንዳያየው፤ ፍጻሜውን ለውጦታል። ከንባቡ በኋላ ሊታይ የሚገባው ሴኔጋላዊው ጂብሪል ዲዮፕ ማምቤቲ በ1992 በዎሎፍ ቋንቋ የሠራው «ጅቦች» ነው፤ ታሪኩን ከአውሮፓ አንሥቶ ኮሎባን ወደምትባል የሴኔጋል መንደር አዛውሮታል፤ ቢጫው ጫማም እዚያ ደርሷል። በላፕቶፕ ሰብሰብ ብለን አይተነዋል፤ ባለ ሱቁ ወዳጃችን የአፍሪካዊውን ባለ ሱቅ መደርደሪያ ሲያይ «ይሄስ የእኔ ነው» ብሎ ወደ ስክሪኑ ተጠጋ።

ቋንቋው ከባድ አይደለም፤ በሁለት ምሽት ያልቃል። የመጀመሪያዎቹ ገጾች በባዕድ ስሞችና በአቀባበል ግርግር የተሞሉ ስለሆኑ ትዕግሥት ይጠይቃሉ፤ ሽማግሌው አሽከር ተነሥተው ቀድሞ በዚህች ከተማ ዳኛ እንደነበሩ እስኪናገሩ ድረስ ግን መጽሐፉን አይዝጉት።