ለካያክ መውረጃ፦ ሲሚንቶ ወይስ የጠጠር ዳር?

ከሌሚ ወደ ዓለም ከተማ ሲኬድ፣ ጀማ ወንዝ ላይ የካያክ (በመቅዘፊያ የሚነዳ ጠባብ ጀልባ) ወደ ውሃ መውረጃ ቢሠራ የትኛው ይሻላል?

ወጪ፦ ሲሚንቶው ውድ ነው። ጠጠሩን ወንዙ ራሱ አንጥፎታል፤ የእግር መንገድ ይበቃዋል።

ምቾት፦ ሲሚንቶው ይበልጣል፣ በተለይ ዊልቸር ለሚጠቀም ሰው። ግን ሲረጥብ ያንሸራትታል፤ ፊቱ ሸካራ ይሁን።

አደጋ፦ ዋናው ጉዳይ ይሄ ነው። ክረምት ላይ ጀማ ደፍርሶ ይሞላል፣ ድንጋይና ደለል እየገፋ ይመጣል። ሲሚንቶው ሥሩ ተቦርቡሮ ሊሰነጠቅ ይችላል፤ ጠጠሩ ደግሞ ቦታ ይቀይራል። ደጋው ዘንቦ ቆላው ፀሐይ ሊሆን ስለሚችል ደራሽ ውሃ ሳይታሰብ ይመጣል። ሁለቱም ጋ መኪና ማቆሚያው ጎርፍ ከሚደርስበት በላይ ይሁን። መውረጃው ከድልድዩ ምሰሶም ይራቅ፤ ውሃው ጀልባን እዚያ ላይ ይለጥፋል።

ብዙ ሰው ከመጣና ጠጋኝ ካለ ሲሚንቶ፤ ለበጋ ብቻ ከሆነ ጠጠሩ በቂ ነው። የከብት ማጠጫው ግን በፍጹም አይነካ።