ባሕር ዳር ያሠራኋት የዋንዛ መርከብ፦ ሙያው፣ ዋጋውና ቅሬታዬ

ለእንጨት መርከብ ሞዴል ስምንት ሺህ ብር ይከፈላል ወይ ለምትሉኝ፣ እኔ ከፍያለሁ፤ ነገም ቢሆን እከፍላለሁ። ግን ከማዘዛችሁ በፊት ብታውቋቸው የሚጠቅሟችሁ ነገሮች አሉ።

እንጨት ቤቱ ባሕር ዳር ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አካባቢ ነው። ሰሌዳ የለውም፤ በሩ ላይ አንዲት ትንሽ የደንገል ታንኳ ተሰቅላለች፣ በእሷ ትለዩታላችሁ። ሙያተኛው በፊት አልጋና ቁም ሣጥን ነበር የሚሠራው። ጣናነሽ ሁለት የምትባለው የጣና መርከብ ከጅቡቲ በመኪና ተጭና ስትመጣ ከተማው ሁሉ ወሬው እሷ ሆነ፤ ያኔ አንድ ደንበኛ ሞዴሏን ሥራልኝ አለው፣ ከዚያ ወዲህ እጁ ከመርከብ አልወጣም።

እኔ ያዘዝኩት ግን የጣናን ሳይሆን የአትላንቲክን ነው፤ «ዩናይትድ ስቴትስ» የምትባለውን የአሜሪካ መንገደኛ መርከብ። ምክንያቴ አባየ ነው። ጃንሆይ በግንቦት 1946 ዓ.ም. አሜሪካን ለመጎብኘት ኒው ዮርክ የገቡት በእሷ ነበር። አባየ ያን ጊዜ ደብረ ማርቆስ ፊደል የሚቆጥር ልጅ ነው፤ ወሬውን ከሰማ ጀምሮ እስከ ዛሬ «የጃንሆይ መርከብ» እያለ ያነሳታል። ለፋሲካ ምን ይዤለት ልሂድ ስል እሷው መጣችልኝ።

ሙያተኛው ፎቶዋን ስልኬ ላይ እንዳየ «ከምን እንጨት ነው የሠሯት?» አለኝ። ጉዱ እዚህ ላይ ነው። ንድፏን ያወጣው ዊልያም ፍራንሲስ ጊብስ እሳት ክፉኛ የሚፈራ ሰው ነበር። ግዙፏ የፈረንሳይ መርከብ ኖርማንዲ እ.ኤ.አ. በ1942 ኒው ዮርክ ወደብ ላይ እንደቆመች ተቃጥላ በጎኗ ስትወድቅ የታየበት ዘመን ነው። ስለዚህ እንጨት የሚባል አላስገባም አለ። ወንበሩ፣ የልብስ መስቀያው፣ የነፍስ አድን ጀልባው ከነመቅዘፊያው ብረታ ብረት ሆነ፣ አብዛኛውም አሉሚኒየም። ከክልከላው ያመለጡት ወጥ ቤት ያለው የሥጋ መክተፊያ ግንድና እሳት እንዳይደፍረው ተደርጎ የተዘጋጀ የማሆጋኒ ፒያኖ ናቸው። ይህን ስነግረው ዋንዛውን በመዳፉ እየደባበሰ ሳቀና «እንግዲያ ለአባትህ ንገራቸው፣ ምድጃ አጠገብ እንዳያስቀምጧት» አለኝ።

ወደ ሥራው ልግባ። ርዝመቷ 90 ሳንቲ ሜትር ነው። እውነተኛዋ 302 ሜትር ነበረች፤ ስፋቷ ግን በፓናማ ቦይ ማለፍ ስላለባት 31 ሜትር ብቻ። ስለዚህ የእኔዋ ከ9 ሳንቲ ሜትር ብዙ መብለጥ አልነበረባትም። እሱ 12 አድርጎ ጠበቀኝ፤ «ከቀጠነች ትገለበጣለች» ነው የሚለው። ጋሼ፣ መደርደሪያ ላይ ነው የምትቀመጠው፣ ማን ሐይቅ ላይ ይለቃታል ብየ ስከራከረው መላጊያውን አነሳና ሳያጉረመርም ከግራ ከቀኝ ላጋት። ያን ጊዜ መልኳ መጣ። የዚህች መርከብ ውበት ቅጥነቷና ሹል አፍንጫዋ ነው፤ ፍጥነቷም ከዚያው ጋር የሚሄድ ነው። ሰኔ 26 ቀን 1944 ዓ.ም. ከኒው ዮርክ በተነሣችበት በመጀመሪያ ጉዞዋ አትላንቲክን በ3 ቀን ከ10 ሰዓት ከ40 ደቂቃ ተሻገረች። በአማካይ 35.59 ኖት ማለት ነው፣ በሰዓት 66 ኪሎ ሜትር ገደማ። የእንግሊዟን ኩዊን ሜሪ የቆየ ክብረ ወሰን በ10 ሰዓት አሻሽላ ነው የገባችው። እኔን ደብረ ማርቆስ የሚያደርሰኝ ሚኒባስ፣ የቁርሱና የመንገደኛ መጫኛው ጊዜ ሲታሰብ፣ በአማካይ ይህን አይሞላም።

ሁለቱ ጭስ ማውጫዎች ከጠበቅሁት በላይ ናቸው። እንደ እውነተኛዋ ከመርከቧ ጋር ሲተያዩ ከመጠን በላይ ግዙፍ፣ ወደ ኋላ ዘንበል ያሉ፣ ቀይ ሆነው ነጭ መቀነትና ሰማያዊ አናት ያላቸው። አናታቸው ላይ በግራ በቀኝ የሚወጡትን ክንፎች ከቲማቲም ድልህ ቆርቆሮ ነው የቆረጣቸው፤ ከሥር ጎንበስ ብላችሁ ብታዩ ብሩሽ ያልደረሰበት ቦታ ላይ የቲማቲሙ ቅጠል ይታያል። እኔ ሆን ብየ እንዲቀባው አላዘዝኩም። መስኮቶቹን በጋለ ወስፌ ነው የበሳቸው፤ እያንዳንዱ ቀዳዳ ዙሪያው ጠቆር ብሎ ቀርቷል። ጊብስ ቢያይ ያብድ ነበር።

ቅሬታየ ከታች ነው። አራቱንም ፕሮፔለሮች እንደ ጣና ሞተር ጀልባ ባለ ሦስት ምላስ አድርጎ አመጣቸው። የእሷ ሁለቱ ባለ አራት፣ ሁለቱ ባለ አምስት ምላስ ናቸው። በእርግጥ ይህን ማንም እንዳያውቅ ነበር የተፈለገው። ከወጣባት 78 ሚሊዮን ዶላር 50 ሚሊዮን ያህሉን መንግሥት የከፈለው በጦርነት ጊዜ 14,000 ወታደር እንድትጭንለት ስለነበር የሆዷ ቅርጽና የሞተሯ ጉልበት ምስጢር ነበር፤ በሙከራ ያስመዘገበችው 38.32 ኖትም ይፋ የሆነው ከአገልግሎት ከወጣች በኋላ ነው። ሙያተኛው ይህን ሲሰማ ዓይኑ በራ። ከነሐስ ቁራጭ በመቀስ እየቆረጠ እንደገና ሠራቸው፤ ተጨማሪ ብርም አልጠየቀኝም። አሁን አባየ መርከቧን ለሚያይ እንግዳ ሁሉ ገልብጦ የሚያሳየው እነሱን ነው አሉ።

ኮምፔንሳቶ የተጠቀመበት የላይኛው ደርብ ግን ደካማ ነው። ከኋላ በኩል ስቱኮ በደንብ ስላልገባበት ንብርብሩ ያፈጣል፣ ነጩ ቀለምም ወፍሮ እንባ ሠርቷል። ለስምንት ሺህ ብር ብርጭቆ ወረቀት አንድ ጊዜ ቢጨምርበት ምን ነበረበት? በሌላ በኩል ያላዘዝኩትን ትንሽ አረንጓዴ፣ ቢጫ፣ ቀይ ባንዲራ ምሰሶዋ ላይ ሰክቷል፣ «ጃንሆይ አሉባት» ብሎ። አባየ ከሁሉ የወደደው እሱን ነው።

አባየ ቀጥሎ የጠየቀኝ እውነተኛዋ የት እንዳለች ነው። አውሮፕላኑ መንገደኛውን ሲወስድባት እ.ኤ.አ. በ1969 ከሥራ ወጣች፣ የቤት ዕቃዋ በጨረታ ተሸጠ፣ ከ1996 ጀምሮ ፊላደልፊያ ወደብ ላይ ዝጋ ቆመች። በ2024 ፍሎሪዳ ውስጥ ያለው የኦካሉሳ ካውንቲ አስተዳደር ባሕር ውስጥ አስጥሞ የዓሣ መጠለያና የጠላቂዎች መጎብኛ ሊያደርጋት ገዛት፤ በየካቲት 2025 ተጎትታ ወደ አላባማ፣ ሞቢል ተወሰደች። «ጃንሆይ የተኙበት ክፍል ዓሣ ሊገባበት?» አለና ዝም አለ። ቀጥሎ ሞዴሏን ከቴሌቪዥኑ በላይ አስቀመጣት። ምድጃው ሩቅ ነው።

ለምታዙ፦ ቀብድ ግማሹ ነው። ቀጠሮ ላይ አትመኑት፤ ለፋሲካ ያለኝ ለዳግማይ ትንሣኤ ነው የደረሰልኝ። ፎቶ ከጎን ብቻ ሳይሆን ከላይም ከሥርም ይዛችሁ ሂዱ፣ ልኬቱንም በወረቀት ጽፋችሁ ስጡት። ማሸጊያው አሮጌ ብርድ ልብስ ነው፤ ሣጥን ከፈለጋችሁ ስድስት መቶ ብር ያስጨምራል። ጨምሩ። የእኔዋ እንጅባራ ሳትደርስ ምሰሶዋ ተሰብሮ፣ ደብረ ማርቆስ በኮላ ነው ያቆምኩት።