ውሃ ለሚተኛበት መሬት ያዘዝኩት የኦክ ችግኝ፦ ዕቃው ጥሩ፣ መስተንግዶው ግን…

ምዕራብ ቴነሲ፣ ሃቺ ወንዝ ዳር ያለችኝ ቁራሽ መሬት ላይ ከገና በኋላ ውሃ ይተኛል። አንዳንዴ እስከ ፋሲካ አይለቅም። ድሮ አኩሪ አተር ይዘራባት ነበር። ወደ ጫካነት ልመልሳት ብዬ ከአንድ ችግኝ ጣቢያ የኦክ ችግኝ በስልክ አዘዝኩ።

መጀመሪያ ምስጋናው። ችግኞቹ ጥር ላይ፣ ገና እንቅልፍ ላይ እያሉ፣ ማለትም ቅጠል ማውጣት ሳይጀምሩ ደረሱ። ሥሮቻቸው አፈር የላቸውም፤ በእርጥብ ነገር ተጠቅልለው ወፍራም ከረጢት ውስጥ ታሽገዋል። አንዱን አንስቼ አየሁት። ግንዱ ከሥሩ የሚገናኝበት ቦታ ከእርሳስ ይወፍራል። ከዋናው ሥር ጎንና ጎን ቀጫጭን ሥሮች ሞልተዋል። ልጡን በጥፍሬ ጫር ሳደርገው ውስጡ አረንጓዴ ነው። እንዲህ ያለ ችግኝ ሥሩ ሳይደርቅና ሳይታጠፍ ከተተከለ ይይዛል። በ12 ጫማ ርቀት ተከልናቸው፤ ለአንድ ኤከር 300 ገደማ ይገባል። ዋጋውም አይጎረብጥም።

አሁን ወደ ቅሬታዬ። ያዘዝኩት ነታልና ኦቨርካፕ የሚባሉትን ኦኮች ነበር። ኦቨርካፑ ለረባዳው ቦታ ነው። ቅጠል የሚያወጣው ከሌሎቹ ዘግይቶ ስለሆነ የጸደዩን ጎርፍ ተኝቶ ያሳልፈዋል። እነሱ ግን ኦቨርካፑ አልቆባቸው ኖሮ፣ ሳይጠይቁኝ በምትኩ ቼሪባርክ ላኩልኝ። ስደውል ስልኩን ያነሳው ልጅ «ያው ኦክ ነው» አለኝ።

ኧረ አይደለም! ቼሪባርክ ጣውላው የሚፈለግ ግሩም ዛፍ ነው፤ ግን ውሃ ቶሎ የሚለቀው ከፍ ያለ ቦታ ይወዳል። እኔ መሬት ላይ በከፍታውና በረባዳው መካከል ያለው ልዩነት ቢበዛ እስከ ጉልበት ነው። የሚኖረውንና የሚሞተውን የሚለየው ግን እሱ ነው። ዛፉ ተኝቶ ሳለ ውሃ ቢከበው ብዙም አይጎዳም፤ ከነቃ በኋላ ግን ሥሩ አየር ያጣል። አርካንሳስ፣ ባዩ ሜቶ የሚባለው የመንግሥት የአደን ጫካ ሄዳችሁ እዩ። ለዳክዬ አደን ተብሎ ለዓመታት ውሃው ቶሎ እየገባ ዘግይቶ ሲወጣባቸው፣ እነዚያ ትልልቅ ቀይ ኦኮች (ነታልም ቼሪባርክም የዚህ ወገን ናቸው) በቁማቸው ደርቀዋል። ውሃ ይችላል የሚባለው ነታል እንኳ አልተረፈም።

ከብዙ ንትርክ በኋላ የቼሪባርኩን ግማሽ ገንዘብ መለሱልኝ። ችግኞቹን ከፍ ያለ መሬት ያለው ጎረቤቴ ወሰዳቸው፤ ደስ ብሎታል።

ከአምስት ኮከብ ሦስት። ለችግኙ ብቻ ቢሆን አምስት ነበር። የምታዙ ካላችሁ በመስከረም እዘዙ፤ ትዕዛዙ ላይም «ሳትጠይቁኝ እንዳትቀይሩ» ብላችሁ ጻፉ። እኔ ለመጪው ጥር ነታሉን ከእነሱ፣ ኦቨርካፑን ከሌላ ቦታ ይዣለሁ።