ጎግል ዶክስ፦ ከጋሼ ጋር ለሚሠራ ሰው

በኢንተርኔት የሚሠራውን የሰነድ መጻፊያ፣ ጎግል ዶክስን፣ የሚያወድስ ሁሉ ቀድሞ የሚያነሣው ሁለት ሰው በአንድ ጊዜ አንድ ገጽ ላይ መጻፍ መቻሉን ነው። እኛ ቢሮ ግን ከሁሉም ያልጠቀመን እሱ ነው።

እኔ እየበታተንኩ ነው የምጽፈው። መደምደሚያው ከመግቢያው ይቀድማል፤ እዚህ ግማሽ ዐረፍተ ነገር፣ እዚያ «ቁጥሩ ይጣራ» የሚል ማስታወሻ። አብረውኝ የፕሮጀክት ሪፖርት የሚያዘጋጁት ጋሼ ደግሞ በጭንቅላታቸው ሳይጨርሱ አንድ ፊደል አይነኩም። ጠዋት ከማንም ቀድመው ይገቡና ከላይ እስከ ታች ይወርዱታል። የእኔን ረቂቅ አትመው በቀይ እስክሪብቶ ነበር የሚያርሙት። ያንን ወደ ኮምፒውተር ስገለብጥ ግማሽ ቀኔ ይሄዳል።

ዶክስ ከጀመርን በኋላ የእኔ ባለቀለም ጠቋሚ ስሜን ተሸክሞ ገጹ ላይ ሲዘል ጋሼ መጻፍ አቃታቸው። «ልጄ፣ ትከሻዬ ላይ ቆመሽ እንዴት ብዬ ላስብ?» አሉኝ። እውነታቸውን ነው።

ያስታረቀን ጎግል እ.ኤ.አ. በ2014 የጨመረው «ሰጀስቲንግ» ሞድ ነው፤ እርማትን በሐሳብ መልክ ማቅረቢያ ማለት ነው። ከላይ በስተቀኝ ያለችውን እርሳስ ተጭኖ ከ«ኤዲቲንግ» ወደ «ሰጀስቲንግ» መቀየር ብቻ ነው። ከዚያ የተሰረዘ ቃል አይጠፋም፤ መስመር ይሰመርበታል፣ አዲሱ በቀለም ይገባል፣ ዳር ላይ የአራሚው ስም ይወጣል። እኔ ራይቷን ከተጫንኩ ይጸድቃል፣ ኤክሷን ከተጫንኩ ይቀራል። ጋሼ ቀይ እስክሪብቷቸውን አልተነጠቁም፤ እኔም ከግልበጣ ዳንኩ።

አንድ ጊዜ «ሠልጣኞቹ በሥልጠናው ተደስተዋል» ያልኩትን ሰርዘው ዳሩ ላይ «ማን ጠየቃቸው?» ብለው ጻፉ። ወረቀት ቢሆን ኖሮ አውጥቼው አልፍ ነበር። እዚህ ግን ከሥሩ መልስ መስጠት ስለሚቻል የመስክ ቃለ መጠይቁን ጠቀስኩላቸው። «ታዲያ ይህን ጻፊዋ!» አሉ። በመጨረሻ ሪፖርቱ ውስጥ የገባው ከቃለ መጠይቁ የተወሰደው የአንዲት እናት ቃል ነው፤ ከእኔ «ተደስተዋል» በብዙ ይሻላል።

ሌላው «ቨርዥን ሂስትሪ»፣ የሰነዱ የቀድሞ ቅጂዎች መዝገብ፣ ነው። «ፋይል» የሚለው ውስጥ ገብቶ ለደረሱበት ቅጂ ስም መስጠት ይቻላል። እኔ «ለጋሼ» የሚል ስም ሳልሰጠው እሳቸው ሰነዱን አይከፍቱም፤ ደንቡን ያወጣነው ራሳችን ነን። ጉድለቱ፣ ስም መሰጠቱን ለሌላው ሰው አይነግርም። ኮሜንት ላይ @ አድርጎ ኢሜይሉን ቢጽፉ መልእክት ይሄድለታል፣ ግን ጋሼ ኢሜይል የሚያዩት ሲያሰኛቸው ስለሆነ እደውላለሁ።

ኔትወርክ በሚቆራረጥበት ሰፈር የምትሠሩ፣ ያለ ኢንተርኔት መጻፊያውን ቀድማችሁ ኔትወርክ እያለ አብሩት። ኮምፒውተር ላይ ክሮም ወይም ኤጅ የሚባለውን የኢንተርኔት ማሰሻ ይፈልጋል። ወደ ወርድ አውርዳችሁ ለአለቃ ከመላካችሁ በፊት ደግሞ ሠንጠረዦቹን አንዴ እዩአቸው፤ አንዳንዴ ይንሸራተታሉ።

በግል አካውንት በነፃ ነው። የሚሰጠው 15 ጊጋባይት ማከማቻ ግን ከጂሜይልና ከጎግል ፎቶዎች ጋር የጋራ ስለሆነ እንደኔ የመስክ ፎቶ የሚያጠራቅም ሰው ቶሎ ይሞላበታል። ከአምስት ኮከብ አራት ሰጥቼዋለሁ፤ ጋሼ ሦስት ይበቃዋል ብለዋል።