ሦስት ያገለገሉ ሞኒተሮች እንደ አንድ ሰፊ ስክሪን፦ ጎንደር ላይ ገዝቼ፣ አስበይጄ፣ ተጫውቼበት ያየሁት

ፍርዴን ከፊት ላስቀምጥ። የመኪና ወይም የአውሮፕላን ጌም የምትወዱ ከሆነ ሦስት አንድ ዓይነት ያገለገሉ 24 ኢንች ሞኒተሮች ገዝታችሁ እንደ አንድ ስክሪን አገናኟቸው። በዚህ ገንዘብ ከዚህ የተሻለ ነገር የምታገኙ አይመስለኝም። የምትጫወቱት ኳስ ብቻ ከሆነ ግን ገንዘባችሁን ያዙ፣ አንድ ስክሪን ይበቃችኋል።

የገዛሁት ዴል ፒ2419ኤች የሚባለውን የቢሮ ሞኒተር ነው። ሦስቱም አንድ ሞዴል ናቸው። ኮምፒውተሬ ላይ ያለው ግራፊክስ ካርድ (ምስሉን ሠርቶ ወደ ስክሪን የሚልከው ክፍል) የኤንቪዲያ አርቲኤክስ 3060 ባለ 12 ጊጋባይቱ ነው። ሞኒተሮቹን ያገኘሁት ፒያሳ አካባቢ የቢሮ ኮምፒውተር ከሚሸጥ ሱቅ ነው፤ ማቆሚያውን ደግሞ ብየዳ ቤት አሠራሁ። ዋጋ በብር አልጽፍም። ሐምሌ 2016 ላይ የምንዛሬው ነገር ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ የኤሌክትሮኒክስ ዋጋ አንድ ቦታ አይቆምም፤ ዛሬ የምጽፈው ቁጥር እናንተ ሱቅ ስትደርሱ ያጣላችኋል። የሦስቱ ድምር ግን አንድ አዲስ ባለ 49 ኢንች ሰፊ ሞኒተር ከሚጠየቅበት በብዙ ያንሳል። ደግሞ አንዱ ቢበላሽ የምትቀይሩት አንዱን ብቻ ነው፤ ሰፊው ሲበላሽ ሁሉም ሄደ ማለት ነው።

ስለ ሱቁ የወደድኩትን ልንገራችሁ። ልጁ ሞኒተሮቹን አንድ በአንድ እያበራ እንዳያቸው ፈቀደልኝ፣ አልተቻኮለም፣ ፊቱንም አላጠቆረብኝም። ይሄ ሞኒተር ያለ ኮምፒውተርም ይፈተሻል። የምስል ኬብሉን ነቅላችሁ የመጀመሪያውን ቁልፍ ትንሽ ተጭናችሁ ስታቆዩት ራሱ ስክሪኑን ግራጫ፣ ቀይ፣ አረንጓዴ፣ ሰማያዊ፣ ጥቁርና ነጭ እያደረገ ያሳያችኋል። የሞተ ፒክስል፣ ማለትም ምስሉን ከሚሠሩት ትንንሽ ነጥቦች የማይሠራ ካለ፣ እዚያ ላይ ቁልጭ ብሎ ይታያል። ነጩ ላይ ስትደርሱ ሦስቱን ጎን ለጎን አቁማችሁ እዩ። አንዱ ወደ ቢጫ የሚያደላ ከሆነ መብራቱ ደክሟል ማለት ነው፤ ተዉትና ሌላ አስወጡ። ጀርባቸው ላይ የተመረቱበት ወርና ዓመት ተለጥፏል፣ እሱንም አስተያዩት። ከአንድ ቢሮ አብረው የወጡ ከሆኑ የሚበዛው ጊዜ ድካማቸውም ይቀራረባል፣ ቀለማቸውም ይመሳሰላል።

ይሄን ሞዴል ያስመረጠኝ ሌላው ነገር ፓነሉ (ምስሉ የሚታይበት ገጽ) አይፒኤስ የሚባለው፣ በጎን ሲታይም ቀለሙ ብዙ የማይለወጠው ዓይነት መሆኑ ነው። ግራና ቀኝ ያሉትን ስክሪኖች የምታዩት በጎን ነው። ቲኤን የሚባለው ርካሽ ፓነል በጎን ሲታይ ቀለሙ ይገረጣል፣ ጥቁሩ ይነጣል፤ ለመሀል ቢያገለግልም ለዳር ቀሽም ነው። የዚህኛው ጠርዝም ቀጭን ነው። ስፒከር የለውም፣ ያንን ቀድማችሁ እወቁ። ፍጥነቱም 60 ኸርዝ ነው፣ ምስሉን በሰከንድ 60 ጊዜ ያድሳል ማለት ነው። ለመኪና ጌም ምንም አላጎደለብኝም፤ ተኩስ ላይ በውድድር ደረጃ የሚጫወት ሰው ግን በዚህ አይረካም፣ እሱ በዚሁ ገንዘብ አንድ 144 ኸርዝ ሞኒተር ይግዛ።

አሁን ብዙ ሰው ገንዘቡን የሚያባክንበት ቦታ ላይ ደርሰናል፤ መሰኪያና ኬብል። ካርዴ ላይ ሦስት ዲስፕሌይፖርትና አንድ ኤችዲኤምአይ የሚባሉ የምስል መሰኪያዎች አሉ። ሞኒተሮቹ ዲስፕሌይፖርት፣ ኤችዲኤምአይና የድሮውን መሰኪያ ቪጂኤ አላቸው። ሱቁ ከሞኒተሩ ጋር የሚሰጣችሁ አብዛኛውን ጊዜ ያንን ሰማያዊ ጫፍ ያለውን ቪጂኤ ኬብል ነው፤ አዳዲሶቹ ካርዶች ላይ ደግሞ እሱ የሚሰካበት ቦታ የለም። ኤችዲኤምአይ ኬብል ከተማው ውስጥ በየሱቁ ታገኛላችሁ፣ ዲስፕሌይፖርት ግን ፈልጉኝ ይላል። ስለዚህ ዋጋ ከመቁረጣችሁ በፊት ሦስት ዲስፕሌይፖርት ኬብል አብሮ እንዲሰጣችሁ ተደራደሩ። እኔ እንደዚያ አድርጌ ነው የወሰድኩት።

አንድ ሌላ ሱቅ ውስጥ ሻጩ፣ «ጓዴ፣ ይሄ ስፕሊተር ሦስቱንም ያገናኝልሃል» ብሎ አንዲት ትንሽ ሣጥን አወጣልኝ። ስፕሊተር የሚያደርገው አንዱን ምስል ሦስት ቦታ መድገም ነው። ሦስቱም ላይ አንድ ዓይነት ምስል ታያላችሁ እንጂ ስክሪኑ አይሰፋም። ከዩኤስቢ ወደ ኤችዲኤምአይ የሚቀይረው ነገርም ለዚህ አይሆንም፤ ማዘርቦርዱ ላይ ያለው ኤችዲኤምአይም አይሆንም። ሦስቱም ከአንዱ ግራፊክስ ካርድ መውጣት አለባቸው፣ በቃ። ካርድ ስትገዙ ከስሙ በፊት ጀርባውን አዙራችሁ መሰኪያዎቹን ቁጠሩ።

ማቆሚያውን ከውጭ ከማስመጣት እዚሁ ማሠራት ይሻላል። የሞኒተሩ ጀርባ ላይ አራት ቀዳዳ አለ፤ ከአንዱ ወደ ሌላው 100 ሚሊ ሜትር ነው፣ ብሎኑ ኤም4 ይባላል። ይሄን ለብየዳ ባለሙያው በወረቀት ስላችሁ ስጡት። ለእኔ የሠራልኝ ከቀጭን ካሬ ብረት አንድ አግዳሚ አውጥቶ፣ መሀሉን ቋሚ አድርጎ፣ ሁለቱን ዳር በማጠፊያ ነው። ሥራው ንጹሕ ነው፣ ብየዳውንም በደንብ አልስልሶታል። ማጠፊያው ላይ የሚጠብቅ ብሎን እንዲኖር አጥብቃችሁ ንገሩ፣ ያለዚያ የዳሩ ሞኒተር በራሱ ክብደት ቀስ እያለ ይዞራል። አንዱ ሞኒተር ከነጠርዙ ወደ 54 ሴንቲ ሜትር ይሰፋል፤ ሦስቱ ቀጥ ብለው ቢደረደሩ ከ160 ያልፋሉ። ጠረጴዛችሁን ሳትለኩ አትጀምሩ።

ወደ ኮምፒውተሩ እንግባ። ዊንዶውስ ላይ ዴስክቶፑን ማስፋት ማለት ስክሪኖቹን አንድ ማድረግ ማለት አይደለም። ዊንዶውስ ሲያሰፋ ሦስት የተለያዩ ስክሪኖች አሉ፣ ጌሙም ፉል ስክሪን ሲሆን አንዱ ላይ ብቻ ይከፈታል። አንድ የሚያደርጋቸው የካርዱ ሶፍትዌር ነው። ካርድ አምራቹ ኤኤምዲ አይፊኒቲ ይለዋል፣ እ.ኤ.አ. በ2009 ከራዴዮን ኤችዲ 5800 ካርዶች ጋር ያመጣው ነው። ሌላው አምራች ኤንቪዲያ በ2010 ሰራውንድ ብሎ ተከተለ፤ መጀመሪያ ሁለት ካርድ ይጠይቅ ነበር፣ በ2012 ጂቲኤክስ 680 ሲመጣ ግን ከአንድ ካርድ ሦስት ስክሪን ተቻለ። ስለዚህ አዲስ ነገር አይደለም። አሮጌ ካርድ ያላችሁም ከመተዋችሁ በፊት መሰኪያውን እዩ።

የእኔ ኤንቪዲያ ስለሆነ ኮንትሮል ፓነል ገብቼ ሰራውንድን አበራሁት። የትኛው ግራ፣ የትኛው መሀል እንደሆነ አስተካከልኩ፣ አለቀ። ኮምፒውተሩ አሁን የሚያየው 5760 በ1080 የሆነ አንድ ረጅም ስክሪን ነው። ሦስቱም አንድ ዓይነት ጥራትና አንድ ዓይነት ኸርዝ ስላላቸው ምንም አላንገራገረም። አንድ ሞዴል ግዙ ብዬ የምጨቀጭቃችሁ ለዚህም ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚያልፈው ነገር አለ፣ የጠርዙ ማካካሻ። ሳታስተካክሉት ብትጫወቱ በመሀሉና በዳሩ ስክሪን መካከል ያለውን ጥቁር ቦታ ጌሙ አያውቀውም። የመንገዱ ነጭ መስመር ከመሀሉ ስክሪን ወጥቶ ቀኙ ላይ ሲገባ ይሰበራል፤ ትንሽ ወደ ላይ የዘለለ ይመስላል። ማስመሪያ አንሡ። በሁለቱ ምስሎች መካከል ያለውን ጥቁር በሚሊ ሜትር ለኩ። የዚህ ሞኒተር አንድ ፒክስል 0.2745 ሚሊ ሜትር ነው፤ 11 ሚሊ ሜትር ካገኛችሁ ለ0.2745 ስታካፍሉት 40 ፒክስል ይሆናል። ሰራውንዱን ያበራችሁበት ቦታ ላይ በሁለቱም በኩል 40 ስታስገቡ ጠቅላላው ስፋት 5840 ይሆናል። አሁን መስመሩ ከጠርዙ ኋላ አልፎ በሌላው በኩል ቀጥ ብሎ ይወጣል፣ በመስኮት ብረት በኩል ውጭውን እንደምታዩት ማለት ነው። ይሄን ካደረግሁ በኋላ ጠርዙን ዓይኔ ረሳው።

ወደ ጌሞቹ ስንመጣ የጭነት መኪና የሚነዳበት ዩሮ ትራክ ሲሙሌተር 2 ለዚህ የተፈጠረ ነው። ሊማሊሞን የወረደ ሹፌር ያውቀዋል፤ መታጠፊያ ላይ ዓይን የሚሄደው ወደ ፊት መስታወት ሳይሆን ወደ ጎን መስኮት ነው፣ መንገዱ ያለው እዚያ ነውና። በአንድ ስክሪን ስትጫወቱ ያ ጎን የለም፤ በግምት ነው የምትታጠፉት። በሦስቱ ግን መገናኛ ላይ ቆማችሁ ግራ ቀኝ ታያላችሁ፣ የጎን መስኮቱም መስታወቱም ያለበት ቦታ ላይ ነው፣ ተጎታቹን ወደ ኋላ ስታስገቡ ምንም የካሜራ ቁልፍ መነካካት አያስፈልግም። አሪፍ ነው፣ ሌላ ቃል የለኝም።

አንድ ችግር አለ። ጌሙ ሰፊውን ምስል እንደ አንድ ጠፍጣፋ ሸራ ሲሥለው ዳር ላይ ያሉት ነገሮች ይለጠጣሉ። ዛፉ ይወፍራል፣ የመኪናው ጎማ ሞላላ ይሆናል። መፍትሔው ጌሙ ራሱ ሦስት ስክሪን መኖሩን እንዲያውቅ ማድረግ ነው። ዩሮ ትራክ በኮንፊግ ፋይሉ (ቅንብሩ በተጻፈበት ፋይል) በኩል ለእያንዳንዱ ሞኒተር የየራሱን ማዕዘን እንዲሥል ይታዘዛል። የመኪና ውድድር ጌሙ አሴቶ ኮርሳም ሦስት ስክሪን የሚል ምርጫ አለው፤ የስክሪኑን ስፋት፣ ከእናንተ ያለውን ርቀትና ዳሮቹ የታጠፉበትን ማዕዘን ይጠይቃችኋል። ለክታችሁ እውነተኛውን ቁጥር ስትሰጡት ልጥጡ ይጠፋል፣ ርቀቱም ልክ ይመጣል። ጥቂት ደቂቃ ይፈጃል፣ ግን ይሄ ነው ሁሉን ነገር የሚለውጠው።

በሌላ በኩል ሁሉም ጌም እሺ አይልም። የተኩስ ጌሙ ቫሎራንት ሰፊ ስክሪን ያለው ሰው ብልጫ እንዳያገኝ ከ16 ለ9 (የተለመደው የአንድ ስክሪን ወርድና ቁመት) በላይ አያሳይም። ኤልደን ሪንግም እ.ኤ.አ. በ2022 ሲወጣ 16 ለ9 ላይ የተቆለፈ ነበር። ኳስ ላይ ደግሞ ሜዳው መሀል ነው ያለው፣ ዳሮቹ ምንም አይጨምሩም። እነዚህን ስጫወት ሰራውንዱን አጠፋዋለሁ፤ ጎኖቹ ላይ ሌላ ነገር ከፍቼ በመሀሉ እጫወታለሁ። ለማብራትና ለማጥፋት አቋራጭ ቁልፍ መድቡ፣ ያለዚያ በየጊዜው ኮንትሮል ፓነል መግባት ያሰለቻል።

ካርዱ ይችለዋል ወይ ለምትሉ፣ ሦስት ስክሪን ማለት 6.2 ሚሊዮን ፒክስል ነው፤ አንድ 4ኬ የሚባለው ባለ ከፍተኛ ጥራት ስክሪን ደግሞ 8.3 ሚሊዮን ገደማ ይሆናል። ከ4ኬ ሦስት አራተኛው ነው ማለት ነው። 3060 ለመኪና ጌሞች በቂ ሆኖልኛል፣ ግን ሁሉን ነገር ከፍተኛ ላይ አድርጌ አይደለም። መጀመሪያ ጥላውንና የመስታወቱን ጥራት ቀንሱ። እያንዳንዱ የጎን መስታወት ትዕይንቱን እንደገና ስለሚያሥለው ካርዱ ላይ ይከብዳል። ከዳር ያለው ሣር ቢቀንስ ማንም አያይበትም።

የመብራቱን ነገር ሳልነግራችሁ ብሄድ ደግሞ ጎንደር ላይ ኖሬ አላውቅም ማለት ነው። ሞኒተሮቹ የሚበሉት ጥቂት ነው፣ ከባዱ ካርዱ ነው፤ 3060 ብቻውን እስከ 170 ዋት ይወስዳል። ዩፒኤስ (መብራት ሲሄድ በባትሪ የሚያቆየው ዕቃ) ስትገዙ ላዩ ላይ የተጻፈው ቪኤ (ቮልት አምፔር) ዋት አይደለም፣ ዋቱ ከእሱ ያንሳል፤ ዋቱን ጠይቁ። ዩፒኤሱ ላይ ኮምፒውተሩንና መሀለኛውን ብቻ ሰክቶ ዳሮቹን ግድግዳው ላይ መተው ቁጠባ ይመስላል፣ አታድርጉት። መብራት ሲሄድ ዳሮቹ ይጠፋሉ፣ ካርዱ ሁለት ሞኒተር እንደተነቀለ ያያል፣ ሰራውንዱ ይፈርሳል፣ ጌሙም አብሮት ሊዘጋ ይችላል። ሦስቱንም ዩፒኤሱ ላይ ስኩ። ብዙ ጊዜ እንድትጫወቱበት አይደለም፤ ጌሙን ሴቭ አድርጋችሁ ኮምፒውተሩን በሥርዓት ለማጥፋት ይበቃችኋል። መብራት ተመልሶ ሲመጣም ከፍና ዝቅ እያለ ስለሆነ ወዲያው አትክፈቱ፣ እስኪረጋ ጠብቁ።

ሱቁ ውስጥ ከአንዱ ሞዴል ሁለት ብቻ ካገኛችሁ ደግሞ ሦስተኛውን በሌላ ዓይነት አትሙሉት። ቁመቱም ቀለሙም አይገጥምም፣ ሁልጊዜ ዓይናችሁ እዚያው ላይ ይሄዳል። ሁለቱን አስይዙና ቀጣዩን ጭነት ጠብቁ።